መብራቱ ከመጥፋቱ በፊት ምክንያቱ ይታወቅ



የኮሌጁ የአውቶሞቲቭ ትምህርት ክፍል ሲጋብዘኝ የሰጠኝ መመሪያ አጭር ነው፤ በአንድ ብልሽት ላይ ተናገር፣ ግን ከሥር ከመሠረቱ። የመረጥኩት ርዕስ የመሪ አንግል ሴንሰር ነው። ዕቃው ትንሽ ነው፤ ከመሪው ሥር ተሸሽጎ ስለሚቀመጥ አብዛኛው አሽከርካሪ መኖሩንም አያውቅም። በየጋራዡ ግን ሳይበላሽ ይቀየራል፤ ተቀይሮም መብራቱ በማግስቱ ተመልሶ ይበራል። ባለንብረቱ ገንዘቡን ከፍሎ ከነችግሩ ይሄዳል፣ መካኒኩም ስሙ ይጎድፋል። ዛሬ ስለዚህ መነጋገር አለብን።

ንግግሬን በአራት ከፍዬዋለሁ። አንደኛ፣ ይህ ሴንሰር ምን እንደሚሠራና ለምን እንደተፈለገ። ሁለተኛ፣ ሲታወክ የሚያሳየውን ምልክት። ሦስተኛ፣ ምርመራውን። አራተኛ፣ ቅያሪውንና ከቅያሪው በኋላ የሚቀረውን ሥራ። በአራቱም ውስጥ ደጋግሜ የምላችሁ አንድ ነገር አለ፤ ኮድ ይጠቁማል፣ ልኬት ይፈርዳል። ከዚህ አዳራሽ ስትወጡ ሌላው ሁሉ ቢረሳችሁ ይህን እንዳትረሱብኝ።

ወደ አንደኛው ልግባ። ከአዲስ አበባ ወደ ደሴ የተጓዛችሁ ሁሉ ከጣርማ በር ወደ ደብረ ሲና የሚያወርደውን ጠመዝማዛ ታውቁታላችሁ። ክረምት ነው እንበል። ጭጋጉ ወርዷል፣ አስፋልቱ ረጥቧል። ኩርባውን ስትታጠፉ ከፊታችሁ የተበላሸ የጭነት መኪና ቆሞ አገኛችሁ። ፍሬን ትይዛላችሁ፣ መሪውን ወደ ግራ ትሰብራላችሁ፣ ወዲያው ደግሞ ወደ ቀኝ ትመልሳላችሁ። በዚያች ቅጽበት መኪናው ከሁለት አንዱን ሊያደርግ ይችላል። ወይ የፊት ጎማዎቹ ይንሸራተቱና መሪውን እንዳላዞራችሁት ቀጥ ብሎ ይሄዳል፤ ወይ ኋላው ይወጣና ይሽከረከራል። ሁለቱም ወደ ገደል የሚወስዱ ናቸው።

የመረጋጋት መቆጣጠሪያ የምንለው ሥርዓት የተሠራው ለዚያች ቅጽበት ነው። አንዳንዱ አምራች ኢኤስፒ ይለዋል፣ ቶዮታ ቪኤስሲ ይለዋል፤ ሥራው አንድ ነው። ኮምፒዩተሩ ያለማቋረጥ ሁለት ጥያቄ ይጠይቃል። አሽከርካሪው ወዴት መሄድ ይፈልጋል? መኪናውስ በእውነት ወዴት እየሄደ ነው? ሁለተኛውን ጥያቄ የሚመልሱት የአራቱ ጎማዎች የፍጥነት ሴንሰሮችና የመኪናውን መዞርና የጎን ግፊት የሚለካው "ያው ሬት" የሚባለው ሴንሰር ናቸው። የመጀመሪያውን ጥያቄ፣ የአሽከርካሪውን ሐሳብ፣ የሚመልሰው ግን የመሪ አንግል ሴንሰሩ ነው። የቦሽ ኩባንያ እንደሚገልጸው ሥርዓቱ ሁለቱን መልሶች በአንድ ሰከንድ 25 ጊዜ ያመሳክራል። ካልተስማሙ የሞተሩን ጉልበት ይቀንሳል፣ ጎማዎቹንም ለየብቻ ፍሬን ያስይዛል። መኪናው መታጠፍ እንቢ ካለ በውስጠኛው ወገን ያለውን የኋላ ጎማ ይይዛል፤ ኋላው ከወጣ በውጭው ወገን ያለውን የፊት ጎማ ይይዛል። እኛ በእግራችን አራቱን ጎማ ለየብቻ ልንይዝ አንችልም፤ እሱ ይችላል።

ይህ ሥርዓት ቅንጦት ይመስላችሁ ይሆናል። ታሪኩ ግን ሌላ ነው። መርሴዲስ ቤንዝ ከቦሽ ጋር ሆኖ በትልልቆቹ ኤስ ክላስ መኪኖች ላይ ማውጣት የጀመረው እ.ኤ.አ. በ1995 ነበር። እ.ኤ.አ. በ1997 የዚያው ኩባንያ አዲሲቱ ትንሽ መኪና፣ ኤ ክላስ፣ ስዊድን ውስጥ ድንገተኛ እንቅፋት የመሸሽ ሙከራ ሲደረግባት ተገለበጠች። ወሬው ዓለምን አዳረሰ። ኩባንያውም የመኪናዋን ሳስፔንሽን ካስተካከለ በኋላ ኢኤስፒን በሁሉም ኤ ክላስ ላይ ያለ ተጨማሪ ክፍያ ገጠመ። ያን ጊዜ ነው የሀብታም መኪና ዕቃ የነበረው ነገር ወደ ትንንሾቹ መውረድ የጀመረው። አሜሪካ ከእ.ኤ.አ. 2012 ሞዴል ጀምሮ በቀላል ተሽከርካሪዎች ሁሉ ላይ አስገዳጅ አደረገችው፤ የአውሮፓ ኅብረትም ከእ.ኤ.አ. ኖቬምበር 2014 ጀምሮ በአዳዲስ መኪኖች ላይ እንዲሁ። ስለዚህ ዛሬ ወደ ጋራዣችሁ ከሚገቡት መኪኖች ብዙዎቹ ይህ ሴንሰር አላቸው።

አሠራሩን ባጭሩ ልንገራችሁ። መሪ ከዳር እስከ ዳር ሦስት ዙር ገደማ ይዞራል። አንድ ዙር 360 ዲግሪ ነው። ስለዚህ ሴንሰሩ መሪው 30 ዲግሪ ላይ እንዳለ ማወቁ አይበቃውም፤ የስንተኛው ዙር 30 እንደሆነም ማወቅ አለበት። በብዙ መኪኖች ላይ ይህ የሚሠራው ማግኔት በተሸከሙ ሁለት ትንንሽ ጥርሳም ጎማዎች ነው። ሁለቱም ከመሪው ዘንግ ጋር ይዞራሉ፤ ነገር ግን የጥርሳቸው ቁጥር ስለሚለያይ እኩል አይዞሩም። የደቂቃ ቆጣሪው ብቻውን ስንት ሰዓት እንደሆነ አይነግረንም፤ ከሰዓት ቆጣሪው ጋር ሲነበብ ግን ሰዓቱ ይታወቃል። ሁለቱ ጥርሳም ጎማዎችም እንደዚያው ናቸው። ሌላው ዓይነት በተቦረቦረ ክብ ሳህን መሐል በሚያልፍ ብርሃን የሚሠራ ነው፤ ይኸኛው አቧራና ቅባት አይወድም። በብዙ አዳዲስ መኪኖች ደግሞ ሴንሰሩ በኤሌክትሪክ የሚታገዘው መሪ አካል ሆኗል፤ ለብቻው ፈትታችሁ የምታወጡት ዕቃ የለም።

ለብቻው በሚገኝባቸው መኪኖች ላይ የምታገኙት ከመሪው በስተጀርባ፣ ከክሎክ ስፕሪንጉ አጠገብ ነው። ክሎክ ስፕሪንግ ማለት ለኤርባግና ለክላክስ ኤሌክትሪክ የሚያደርሰው ተጠቅልሎ የተቀመጠ ሪባን ነው። በአንዳንድ መኪኖች ሁለቱ ዕቃዎች አንድ አካል ሆነው ነው የሚመጡት። ይህን ያዙት፤ በኋላ ይጠቅመናል።

ሁለተኛው ክፍል ምልክቱ ነው። የመጀመሪያው ምልክት ዳሽቦርዱ ላይ የሚበራው ቢጫ መብራት ነው፤ መኪና ከኋላዋ ሁለት የተጠማዘዘ መስመር ይዛ የምትታይበት። መብራቱ በርቶ ከቀረ የመረጋጋት መቆጣጠሪያው ራሱን አግልሏል ማለት ነው። መደበኛው ፍሬን ግን ይሠራል፤ ጎማ እንዳይቆለፍ የሚያደርገው ኤቢኤስም ብዙውን ጊዜ ይሠራል። አሽከርካሪው "ይሄዳል እኮ፣ ምንም አልሆነችም" የሚለው ለዚህ ነው። እውነት ነው፣ መኪናዋ ትሄዳለች። ከጣርማ በር ስትወርድ ግን ያ ረዳት የለም።

አንዳንድ ጊዜ ሌሎች ነገሮች አብረው ይቋረጣሉ። ክሩዝ መቆጣጠሪያው እንቢ ይላል፤ ከመሪው ጋር የሚዞሩት የፊት መብራቶች ይቆማሉ፤ ወደ ኋላ ስትሄዱ ካሜራው ላይ የሚታጠፉት መስመሮች ደርቀው ይቀራሉ። በአንዳንድ ሞዴሎች የመሪው ኤሌክትሪካዊ እገዛም ይቀንስና መሪው ይከብዳል። ከሁሉ የከፋው ግን ሴንሰሩ ዝም ከማለት ይልቅ የተሳሳተ ቁጥር ሲናገር ነው። መኪናዋ ቀጥ ባለ መንገድ ላይ እየሄደች ኮምፒዩተሩ አሽከርካሪው የታጠፈ ይመስለውና አንዱን ጎማ በትንሹ ፍሬን ያስይዛል። አሽከርካሪው መኪናዋ ወደ አንድ ወገን ስትጎተት ይሰማዋል፣ የፍሬን ሸራ የያዘ ይመስለዋል።

እዚህ ላይ አሽከርካሪዎችን አንድ ነገር ላስጠንቅቅ። ይህን መብራት በፕላስተር ሸፍኖ ወይም አምፖሉን ነቅሎ መኪና የሚሸጥ ሰው አለ። መኪና ስትገዙ ሞተሩን ከማስነሳታችሁ በፊት ቁልፉን ብቻ ክፈቱና ዳሽቦርዱን ተመልከቱ። የኢኤስፒ፣ የኤቢኤስና የኤርባግ መብራቶች መጀመሪያ መብራት፣ ከዚያ መጥፋት አለባቸው። ጭራሹን ያልበራ መብራት ካለ ዋጋ ከመነጋገራችሁ በፊት ይመርመር።

ሦስተኛው ክፍል፣ የዛሬው ዋና ጉዳዬ፣ ምርመራው ነው። አምስት ደረጃ አለው። ቅደም ተከተሉን አደራ አትዝለሉት፤ ወጪ ከሌለው ወደ ከባዱ የሚሄድ ነውና።

የመጀመሪያው ደረጃ መጠየቅ ነው። መብራቱ መቼ በራ? ከዚያ በፊት መኪናዋ ላይ ምን ተሠራ? ደንበኛው "ጎማ አላይመንት ካሠራሁ በኋላ" ካላችሁ፣ የመጀመሪያው ጥርጣሬ የዜሮ ነጥቡ፣ ማለትም ሴንሰሩ ቀጥታ ብሎ የያዘው ቦታ፣ ነው። "ባትሪ ከሞተብኝ በኋላ" ካላችሁ መነሻችሁ ባትሪው ነው። "የመሪ ቆዳ አስለብሼ" ካላችሁ መሪው ተነቅሎ ነበር ማለት ነው፤ ያለ ቦታው ተመልሶ ይሆናል። "ተጋጭታ ተሠርታለች" ካላችሁ የሁሉንም ዕቃ አገጣጠም ጠርጥሩ። ሁለት ደቂቃ ጠይቆ መስማት ግማሽ ቀን ከመፍታትና ከመግጠም ያድናል።

ሁለተኛው ደረጃ ባትሪና ፊውዝ ነው። ያረፈ ጤነኛ ባትሪ ከ12.4 እስከ 12.7 ቮልት ያነባል። ሞተሩ ሲሠራ ዲናሞው ወደ 14 ቮልት አካባቢ ማድረስ አለበት። ሞተር ስታስነሱ ደግሞ ከ10 ቮልት ብዙም መውረድ የለበትም። የባትሪውን አፍ እዩ፤ ነጭ ዝገት ካለ አጽዱ፣ የላላውን አጥብቁ። የሞተርና የቻሲስ መሬት ሽቦዎችንም እንዲሁ።

አንድ ምሳሌ ልስጣችሁ። ባለፈው ክረምት አንዲት ያሪስ ወደምሠራበት ጋራዥ መጣች። የቪኤስሲ መብራቷ በርቷል፤ ኮዷ ሲ1231 ነው፤ በቶዮታ ቋንቋ የመሪ አንግል ሴንሰር መስመር ብልሽት። ባለቤቷ ሌላ ቦታ ሴንሰር እንድትገዛ ተነግሯት የዋጋ ጥያቄ ይዛ ነው የመጣችው። ቁልፉን ከፍተን ስካነሩ ላይ ስናየው ሴንሰሩ በትክክል ያነባል። ሞተሩን ስናስነሳ ግን ንባቡ ለቅጽበት ጠፋ፤ ባትሪው ላይ የያዝነው ቮልት ሜትር ወደ 8.3 ወረደ። ባትሪው አርጅቷል፣ የኔጌቲቩ አፍም ዝጓል። አፉ ጸዳ፣ ባትሪው ተቀየረ፣ ኮዱ ተሰረዘ፤ አልተመለሰም። ያቺ ሴት ሴንሰር ገዝታ ቢሆን ኖሮ አዲሱም ሴንሰር ያንኑ ኮድ ይሰጣት ነበር። ኮድ ይጠቁማል፣ ልኬት ይፈርዳል የምላችሁ ለዚህ ነው።

ሦስተኛው ደረጃ ኮድ ማንበብ ነው። በስልክ የሚሠሩት ርካሽ ማንበቢያዎች አብዛኛውን ጊዜ የሞተሩን ኮድ ብቻ ነው የሚያሳዩት። ለዚህ ሥራ ወደ ኤቢኤስ፣ ወደ መሪና ወደ ኤርባግ ኮምፒዩተሮች የሚገባ ስካነር ያስፈልጋችኋል። ሁሉንም ኮምፒዩተሮች አንብቡ፣ ኮዶቹን መዝግቡ፣ ከዚያ በኋላ ብቻ ሰርዙ። ሳይመዘግብ የሚሰርዝ ሰው መረጃውን በገዛ እጁ ያጠፋል። ቀጥሎ የኮዱን ዓይነት ለዩ። ሲ1231 የቶዮታን የሴንሰር መስመር ይጠቁማል፤ ዩ0126 ከሴንሰሩ ጋር ግንኙነት ጠፋ ማለት ነው፤ በቀደሙት የፎልክስዋገን መኪኖች 00778 የምታዩት ይኸው ሴንሰር ነው። ቶዮታ ላይ ሲ1210 ወይም ሲ1336 ካገኛችሁ ግን ዕቃ ለመግዛት አትሩጡ። እነዚህ የሚሉት የያው ሬቱና የፍጥነት ለውጥ ሴንሰሩ ዜሮ ነጥብ አልተያዘም ነው። የሚፈልጉት ካሊብሬሽን፣ ማለትም ዜሮ ነጥቡን እንደገና ማስያዝ፣ ነው፤ ሴንሰር አይደለም።

የኤርባግ መብራቱ አብሮ በርቶ ክላክሱም ካልነፋ ደግሞ ክሎክ ስፕሪንጉን ጠርጥሩ። ሁለቱ አንድ አካል በሆኑበት መኪና ላይ ሦስቱ ምልክቶች አብረው መምጣታቸው ትልቅ ፍንጭ ነው።

አራተኛው ደረጃ ላይቭ ዳታ ነው፤ የምርመራው ልብ እዚህ አለ። መኪናዋን ደልዳላ ቦታ ላይ አቁሙ። ስካነሩ ላይ የመሪ አንግል የሚለውን መስመር ክፈቱ። መሪውን ቀጥ አድርጋችሁ ያዙ፤ ቁጥሩ ዜሮ አካባቢ መሆን አለበት። አሁን በዝግታ፣ ሳትቸኩሉ፣ ወደ ግራ አንድ ሙሉ ዙር አዙሩ። ወደ 360 የሚጠጋ ቁጥር ታያላችሁ። በአንዳንዱ መኪና ግራው አዎንታዊ ነው፣ በሌላው አሉታዊ ነው፤ እሱ አያስጨንቃችሁ። እስከ ዳር ድረስ ቀጥሉ፣ ከዚያ እስከ ሌላኛው ዳር ተመለሱ። ዓይናችሁን ከቁጥሩ አትንቀሉ።

ችግር ካለ ውጤቱ ከሦስት አንዱ ነው። አንደኛው፣ ቁጥሩ ያለ መቆራረጥ ይሄዳል፣ ጎማው ቀጥ ሲል ግን ዜሮ አይልም፤ 14 ወይም 20 ይላል። ይህ ሴንሰር ጤነኛ ነው። የተበላሸው የጎማው አቀማመጥ፣ የመሪው አገጣጠም ወይም የዜሮ ነጥቡ ነው። ሁለተኛው፣ ቁጥሩ 80፣ 95፣ 110 እያለ ሄዶ ድንገት ዜሮ ላይ ይወድቅና 130 ላይ ተመልሶ ብቅ ይላል። ደግማችሁ አዙሩ፤ ሁልጊዜ እዚያው ቦታ ላይ ከዘለለ ሴንሰሩ ራሱ ወይም ጥርሶቹ ተጎድተዋል። ሦስተኛው፣ ቁጥር የሚባል ነገር የለም፤ ሰረዝ ብቻ ነው። ይህ ወደ አምስተኛው ደረጃ ይወስደናል።

ከዚያ በፊት ግን የመጀመሪያውን ውጤት ከአንድ መጥፎ ልማዳችን ጋር ላያይዘው። አላይመንት ከተሠራ በኋላ መሪው ጠሞ ሲቀር፣ መሪውን ነቅለው አንድ ጥርስ አዙረው የሚመልሱ ሠራተኞች አሉ። ለዓይን ቀጥ ይላል። የጎማው አቀማመጥ ግን የሚስተካከለው ታች፣ የመሪው ክንዶች ላይ ነው። መሪውን ያለ ቦታው የገጠመ ሰው ክሎክ ስፕሪንጉን ከመሐሉ ያስወጣል፤ አንድ ቀን መሪው እስከ ዳር ሲታጠፍ ሪባኑ ይበጠሳል፣ ኤርባጉም ከአገልግሎት ይወጣል። የላላ ቴስቲና፣ የተለያየ የጎማ መጠንና ያልተመጣጠነ የጎማ አየርም ንባቡን ያዛባሉ። እነዚህን ሳታዩ በሴንሰሩ ላይ አትፍረዱ።

አምስተኛው ደረጃ የሽቦ ልኬት ነው። ሴንሰሩ ሦስት ነገር ይፈልጋል፤ ኤሌክትሪክ፣ መሬትና የካን መስመር። ካን ኮምፒዩተሮቹ የሚነጋገሩባቸው ሁለት የተጠማዘዙ ሽቦዎች ናቸው። ኤሌክትሪኩንና መሬቱን ሶኬቱ ላይ፣ የመኪናውን የሽቦ ሥዕል ይዛችሁ ለኩ። ለካን መስመሩ የባትሪውን ኔጌቲቭ ፍቱና ስካነሩ በሚሰካበት የኦቢዲ ሶኬት 6ኛና 14ኛ ቀዳዳ መካከል ኦም ለኩ። ጤነኛ መስመር 60 ኦም አካባቢ ያነባል፤ በሁለቱ ጫፍ ያሉት ሁለት ባለ 120 ኦም መቋቋሚያዎች ጎን ለጎን ሲደመሩ የሚሰጡት ነው። 120 ካነበበ አንዱ ጫፍ ተቆርጧል። ወደ ዜሮ ከተጠጋ ሁለቱ ሽቦዎች ተነካክተዋል። ጌትዌይ የሚባል፣ የካን መስመሮችን የሚለያይ ኮምፒዩተር ባላቸው አዳዲስ መኪኖች በዚያ ሶኬት የምትለኩት የሴንሰሩን መስመር ላይሆን ስለሚችል ከሴንሰሩ ሶኬት ላይ ለኩ። በአምፖል ቴስተር የካን ሽቦ አትንኩ፤ ቢጫ ሶኬት ያለውን የኤርባግ መስመር ደግሞ በምንም መለኪያ አትንኩት።

እንግዲህ ፍርዱ ይህ ነው። ባትሪው ጤነኛ ሆኖ፣ ኤሌክትሪክ፣ መሬትና ካን ሴንሰሩ ድረስ ደርሰው ሳለ ሴንሰሩ ካልተናገረ፣ ወይም ንባቡ አንድ ቦታ ላይ እየደጋገመ ከዘለለ፣ ያን ጊዜ ሴንሰሩ ሞቷል በሉ። ከዚያ በፊት አትበሉ።

አራተኛው ክፍል ቅያሪው ነው። መጀመሪያ ስለ ዕቃው። ሶማሌ ተራ የመለዋወጫ ገበያ ሄዳችሁ ስትገዙ ከአሮጌው ላይ የተጻፈውን የመለያ ቁጥር ይዛችሁ ሂዱ። ሶኬቱ ገጠመ ማለት ዕቃው ተስማማ ማለት አይደለም፤ መልኩ አንድ ሆኖ ከሌላ ሞዴል የመጣ ሴንሰር የእናንተ መኪና የማይገባት ነገር ሊናገር ይችላል። በአንዳንድ መኪኖች ላይ ዕቃው ከተገጠመ በኋላ በስካነር ከመኪናው ጋር መተዋወቅ አለበት፤ ከመግዛታችሁ በፊት ይህን ጠይቁ።

አሁን እጃችን ወደ መሪው ይሄዳል፤ እዚህ ላይ የሁላችሁንም ትኩረት እፈልጋለሁ። መሪው መሐል ያለው ኤርባግ ፈንጂ ያለው ዕቃ ነው። ጎማዎቹን ቀጥ አድርጉ፣ ቁልፉን ዝጉ፣ የባትሪውን ኔጌቲቭ ፍቱ፣ ጠብቁ። ቶዮታ ቢያንስ 90 ሰከንድ ይላል፤ ሌሎች እስከ ሦስት ደቂቃ ይላሉ። ሦስት ደቂቃ ጠብቁ፤ መመሪያው ከዚያ በላይ ካለ መመሪያውን ተከተሉ። ኤርባጉ ከወጣ በኋላ ፊቱ ወደ ላይ ሆኖ፣ ከሰው ራቅ ባለ ቦታ ይቀመጥ። በፊቱ ተደፍቶ ቢፈነዳ ራሱን ወደ ላይ ያስወነጭፋልና። 

ቀጥሎ የመሪውን ዳዶ ፍቱ፤ መሪውን ከመንቀላችሁ በፊት ግን ዘንጉና መሪው ላይ ምልክት አድርጉ። መሪውን በመዶሻ አትምቱ፤ በመንቀያው አውጡት። ክሎክ ስፕሪንጉን ስታወጡ እንዳይዞር በፕላስተር እሰሩት። አዲስ ክሎክ ስፕሪንግ ከሆነ ከፋብሪካ ሲመጣ መሐሉ ላይ ተቆልፎ ነው፤ ቦታው ላይ ገጥማችሁ ሳትጨርሱ መቆለፊያውን አትንቀሉ። መሐሉ ከጠፋ በብዙ የቶዮታ ሞዴሎች እስኪጠብቅ ድረስ ወደ ግራ ታዞሩታላችሁ፣ ከዚያ ወደ ቀኝ ሁለት ዙር ተኩል ያህል መልሳችሁ ምልክቶቹን ታገናኛላችሁ። አታስገድዱት፤ ሪባኑ ስስ ነው። ከዚያ ሴንሰሩን ቀይሩ፣ ሶኬቱን ቀጭ እስኪል ድረስ ግፉት፣ መሪውን በምልክቱ መልሱ። ዳዶውን በክንዳችሁ ስሜት ሳይሆን በቶርክ ሬንች አጥብቁ፤ በብዙ የቶዮታ ሞዴሎች 50 ኒውተን ሜትር ነው። ባትሪውን የምትመልሱት ኤርባጉ ከተገጠመ በኋላ ነው፤ ስትመልሱም መኪናው ውስጥ ሰው አይኑር።

ብዙዎቻችን ሥራው እዚህ ያለቀ ይመስለናል። አላለቀም። አዲሱ ሴንሰር ቀጥታ የት እንደሆነ አያውቅም፤ ልናስተምረው ይገባል። የጎማዎቹን አየር አመጣጥኑ፣ መኪናዋን ደልዳላ ቦታ ላይ አቁሙ፣ የፊት ጎማዎቹን ቀጥ አድርጉ፣ ስካነሩ ላይ የመሪ አንግል ካሊብሬሽን የሚለውን አሠሩ። በአንዳንድ መኪኖች መሪውን ከዳር እስከ ዳር አዙሮ ትንሽ ርቀት ቀጥ ብሎ መንዳት ይበቃል፤ በሌሎች ያለ ስካነር አይሆንም። የመኪናውን መመሪያ ሳታነቡ አትገምቱ። አላይመንቱ የተዛባ መኪና ላይ ካሊብሬሽን አትሥሩ፤ የተጣመመውን ቀጥ ነው ብላችሁ ማስተማር ይሆናል። መጀመሪያ አላይመንት፣ ከዚያ ካሊብሬሽን።

በመጨረሻም መንገድ ላይ ሞክሩ። ስካነሩን እንደሰካችሁ፣ ረዳታችሁ እያነበበ፣ ቀጥ ባለ መንገድ ላይ ንዱ፤ ቁጥሩ ዜሮ አካባቢ መቆየት አለበት። ግራና ቀኝ ታጠፉ፣ ቁሙ፣ ሞተሩን አጥፉና አስነሱ፣ ሁሉንም ኮምፒዩተሮች እንደገና አንብቡ። ኮድ ከሌለ መኪናዋን አስረክቡ። ከመፍታታችሁ በፊትና ከገጠማችሁ በኋላ ያነበባችሁትን ወረቀት ለባለቤቱ ስጡት። ያ ወረቀት የእናንተ ምስክር ነው።

ስለ ኤሌክትሪክ መኪኖች አንድ ነገር ጨምሬ ልጨርስ። በነዳጅ የሚሠሩ የግል አውቶሞቢሎች ወደ አገር እንዳይገቡ በ2016 ዓ.ም. ከተወሰነ ወዲህ የኤሌክትሪክ መኪኖች በመንገዳችን ላይ በዝተዋል። ሞተራቸው ይለያል፤ መሪያቸው፣ ፍሬናቸውና የመረጋጋት መቆጣጠሪያቸው ግን ይኸው የነገርኳችሁ ነው። ትንሿ የ12 ቮልት ባትሪ እነሱም ውስጥ አለች፤ ስትደክም እነሱም የሐሰት ኮድ ያወጣሉ። ብርቱካናማ ቀለም ያለውን ወፍራም ኬብል ግን ለዚያ ሥራ ያልሠለጠነ ሰው አይንካው።

ውድ ሠልጣኞች፣ ስካነር የሚገዛ ሰው ይበዛል፣ የሚለካ መካኒክ ግን ያስፈልገናል፤ ቮልት ሜትራችሁ ከእጃችሁ አይለይ። የጋራዥ ባለቤቶች፣ ለምርመራ ዋጋ ተምኑ፤ ደንበኛ ለምርመራ ካልከፈለ ላልተበላሸ ዕቃ ይከፍላል። የአላይመንት ባለሙያዎች፣ ሥራችሁ ላይ የዜሮ ነጥብ ማስተካከልን ጨምሩ። አሽከርካሪዎች፣ ያ ቢጫ መብራት ሲበራ ሴንሰር ቀይሩልኝ አትበሉ፤ መርምሩልኝ በሉ፣ የተለካውንም አሳዩኝ በሉ። ከደብረ ሲና ማዶ ቤተሰብ የሚጠብቀው ሰው በመገመት የተጠገነ መኪና ይዞ መውረድ የለበትም።